ራሱን የወተፈ ጠመንጃ

የስማቸው ሬሳ እንጅባራ የገባው በገዛ ፒክአፑ፣ በገዛ ወንበሩ ላይ እንደተቀመጠ ነበር። ቀበቶው አጥብቆ ስለያዘው ከሩቅ ላየው ያንቀላፋ ይመስላል። የ2006 ሰኔ ጉም ከተማዋን ውጧት ስለነበር ሰው የመኪናውን መምጣት ያወቀው በጡሩምባው ነው። ሹፌሩ ሀብቱ ጡሩምባውን ሳያቋርጥ እየነፋ ሆስፒታሉ በር ላይ ቆመ። ከኋላ አንዲት ሴት እየጮኸች ወረደች። ቀጥሎ አንድ ሽማግሌ ወረዱ፤ እሳቸው አልጮኹም። የሟቹን ጉንጭ በመዳፋቸው ነክተው እዚያው ጭቃው ላይ ቁጭ አሉ።

አያ አየነው ናቸው፤ የስማቸው የክርስትና አባት። ስማቸውን የመታው ክላሽም የእሳቸው ነው።

ጀንበር ሳትጠልቅ ከተማው ፍርዱን ሰጥቶ ጨረሰ። ሰዎቹ ከጫግኒ ከዘመድ ቀብር እየተመለሱ ነበር። ሽማግሌው ቀብሩ ላይ ተኩሰዋል። መኪና ላይ ሲወጡ ካዝናውን ነቅለው ኪሳቸው ከተቱ፤ የጎረሰችዋን አንዲት ጥይት ግን ረሷት። ዳገቱ ላይ የሞተሩ ውሃ ፈላና ቆሙ። ሀብቱ የሞተሩን ኮፈን ጓ አድርጎ ሲዘጋ መኪናው ተናወጠ፣ ከኋላ ወንበር የተጋደመው ጠመንጃ ባረቀ፣ ከፊት የተኛው ስማቸው በጀርባው ተመታ። በቃ፤ ይኸው ነው።

በማግስቱ ኮማንደር ወገኔ ኢንስፔክተር ልክየለሽን አስጠራት።

«ይሄን ነገር ዛሬ ነገ ሳትዪ ዝጊው» አላት። «በቸልተኝነት ሰው መግደላቸውን አምነው ይፈርሙ። የሟች ዘመዶች እርቅ አይጠሉም፤ አገር ሽማግሌ ገብቶበታል። ለእሳቸውም ይቀላቸዋል።»

«ታዲያ ለምን አልፈረሙም?»

«ግትር ናቸዋ! ከድንጋይ ጋር ማውራት ይሻላል።»

ልክየለሽ ከኪሷ ግብጦ አውጥታ አንዷን ፍሬ ላጠች። አባቷ ዳንግላ ውስጥ ጋሪ ነጂ ነበር። መንገድ ላይ ድንገት ቀጥ ያለ ፈረስ ሲገጥመው አለንጋ አያነሳም፤ ወርዶ መንገዱን ያያል። ፈረሱ ሰው ያላየውን አይቶ ይሆናላ።

«እስቲ ልያቸው» አለች።

አያ አየነው ከማረፊያ ክፍሉ ጥግ ጋቢያቸውን ተከናንበው ቁጭ ብለዋል።

«እንደምን አደሩ፣ አባቴ?»

«የታሰረ ምን ማደር አለው። ቁጭ አልኩ፣ ነጋ።»

«ሰው ሁሉ ፈርመው ይገላገሉ ይላል።»

«ሰው ሁሉ መኪናው ውስጥ አልነበረም!» ጋቢው ከትከሻቸው ወረደ። «ስሚኝ ልጄ። ያ መሣሪያ ፈቃድ አለው። ከመኪና ሲገባ ካዝናው ይነቀላል፤ ማቀባበያውን ስቤ ጎሮሮውን አያለሁ፤ ከዚያ አፉን እወትፋለሁ። ስማቸው ራሱ ጣቱን ከቶ ሳያይ መኪናው ላይ መሣሪያ አይወጣም ነበር። ትናንትናም አይቶልኛል። ‹ባዶ ነው አባባ፣ ግቡ› ያለኝ እሱ ነው። ምስክሬ እሱ ብቻ ነበር፤ እሱ ደግሞ ሞተ።»

«በምን ወተፉት?»

«ከአሮጌ ነጠላዬ በቀደድኩት ነዋ። በዚህ ዝናብ የጠመንጃ አፍ ከፍቶ የሚሄድ ሰው አለ?»

«ባይፈርሙ እስከ ፍርድ ቤት ይሄዳል። እስር አለበት።»

«ይኑርበት! ያንን ልጅ ክርስትና ያነሳሁት በእነዚህ እጆቼ ነው። ገደልኩት ብዬ በጣቴ ቀለም አልነካም። እዚሁ ብሞት እዚሁ ቅበሩኝ።» ከዚያ ፊታቸውን ወደ ግድግዳው አዞሩና በአገውኛ አጉተመተሙ።

ልክየለሽ በቀጥታ ያመራችው መሣሪያው ወዳለበት ክፍል ነው። ከመኪናው ያነሳው ሳጅን ፊልጶስ አውጥቶ ጠረጴዛ ላይ አጋደመላት። አፈሙዙ በተጠመዘዘ ጥቁር ፌስታል ተወትፏል።

«ፊልጶስ፣ ይሄን ማን ወተፈው?»

«እንዲሁ ሆኖ ነው ያገኘሁት። አድማሴ የሚባል የቀድሞ ወታደር አብሯቸው ተሳፍሮ ነበር፤ እኔ እስክደርስ ማንንም አላስነካም። ቀለሁም ከወንበሩ ሥር ወድቆ ነበር።»

ውታፉን መዘዘችው። የተቃጠለ ባሩድ ሸተታት። ጠባብ ጨርቅ በቀጭን እንጨት ጠቅልላ አፈሙዙ ውስጥ ስትሰድ ጠቁሮ ወጣ። ፌስታሉ ግን አልተቀደደም፣ እሳትም አልነካው። ልክየለሽ ማኘኳን አቆመች።

«ፊልጶስ፣ መኪና አስነሳ። አድማሴንም ጥራው።»

ከጫግኒ ወደ እንጅባራ በሚወጣው ዳገት፣ አንዲት ትንሽ ምንጭ ከመንገዱ በታች የምትወርድበት ጠመዝማዛ ላይ አድማሴ «እዚህ ነው» አላቸው። ረጅም፣ አንገቱን እንደ ተሰላፊ ቀጥ የሚያደርግ ሰው ነው።

«ሀብቱ ውሃው ፈላ ብሎ አቆመ። ለእኔ ጀሪካን ሰጠኝ። አብራን የተሳፈረችውን ፀጋነሽን መኪናው አዙሯት ስለነበር አያ አየነው ፊቷን ላስታጥባት ብለው ይዘዋት ወረዱ። ስማቸው እንደተኛ ቀረ። ካፊያ አለ፤ ጉሙም እንደዛሬው ነው፤ የገዛ እጅን አያሳይም።»

«አንተ ከምንጩ ስትደርስ እነሱን አየሃቸው?»

«ጎን ለጎን ነበርን እንጂ! ተኩሱን የሰማነው ሦስታችንም እዚያው ሆነን ነው። ሮጠን ስንወጣ ሀብቱ ራሱን ይዞ ይጮሃል።»

«ውሃውስ?»

«የቱ ውሃ?»

«የቀዳኸው።»

አድማሴ ግንባሩን መታ። «እግዜር ያሳይሽ እታለም! እንደያዝኩት ገባሁ። እስከ እንጅባራ ጭኔ ላይ ነበር። ጠብታ አልተጨመረበትም።»

«ሞተሩ ፈልቶ ይሄን ሁሉ ዳገት ያለ ውሃ ወጣ?»

«ወጣ» አለ አድማሴ፣ ድምፁ ዝቅ ብሎ።

«አንተስ፣ ወታደር ሳለህ አፈሙዝ ትወትፍ ነበር?»

«እኔ?» ሳቀባት። «እኛ ዘንድ አፈሙዝ ወትፎ የተገኘ ጠጠር ላይ ይንከባለላል! በውታፍ ብትተኩሺ እኮ አፈሙዙ ፊትሽ ላይ ይፈነዳል። ውታፍ የባላገር ነው፤ ለባላገር ደግሞ በዝናብ ጠመንጃ አለመወተፍ ኃጢአት ነው። እናቱ ከምታስተምረው ጸሎት በፊት አባቱ ያንን ያስተምረዋል።»

ልክየለሽ አጎንብሳ መንገዱን እያየች ነበር። የመኪናው የኋላ በር ሊከፈት በሚችልበት ልክ፣ ከጫማ ኮቴ ውስጥ የተጠቀጠቀ የነጠላ ቁራጭ አነሳች። አጥባ ዘረጋችው። ጭቃው ለቀቀ፤ የተቃጠለ የሚባል ቦታ አልነበረበትም።

ከሰዓት በኋላ ፀጋነሽን ከልብስ ስፌት ሱቋ አገኘቻት። የስማቸው የአክስት ልጅ ናት፤ በስፌት መኪናዋ ጥቁር ጨርቅ እየሰፋች ታለቅሳለች።

«በመንገድ ላይ ምን አወሩ?»

«ምን ያወራሉ፣ ተኳርፈው! ከጫግኒ ስንነሳ ስማቸው ሀብቱን ‹ኬላ ስንደርስ እኔው ራሴ አወርደዋለሁ› ሲለው ሰማሁ። በቆሎውን መስሎኝ። ከኋላ በቆሎ ጭነን ነበር።»

«ኬላው ላይ ጆንያዎቹ ተፈተሹ?»

«አንቺ ደግሞ! ሬሳ ከፊት ተቀምጦ ማን ጆንያ ይፈታል? ፖሊሱ ኮፍያውን አውልቆ ገመዱን ጣለልን።»

ሀብቱ ግን ከለቅሶው ድንኳን ወጥቶ ያነጋገራት ቆሞ ነው። የስማቸው ሚስት ወንድም ነው፤ ዓይኑ ቀልቷል።

«እኔ የከተማ ልጅ ነኝ፣ እህቴ። የማውቀው መሪ ነው። ጠመንጃ በእጄ ነክቼ አላውቅም፤ እውነቴን ነው የምልሽ፣ እፈራዋለሁ።»

«በቆሎው የት ገባ?»

«መጋዘን። ሬሳውን እንዳደረስኩ አራገፍኩት። ዝናብ ይነካዋላ።»

«አማችህን ሆስፒታል በር ላይ ትተህ?»

«እሱስ ሞቷል» አለ ሀብቱ። «እህል ግን ይበሰብሳል።»

ማምሻውን ኮማንደር ወገኔ ልክየለሽ ያገኘችውን ሁሉ ሰምቶ ጠረጴዛውን መታ።

«በቁራጭ ጨርቅ ነው የምትሟገቺኝ? መዝገቡን ነገ ፈርመሽ ታስረክቢያለሽ!»

«አልፈርምም፣ ጌታዬ።»

«ምን አልሽ?»

«አልፈርምም። እሳቸው በሐሰት አልፈርምም ብለው ታስረዋል፤ እኔስ ምን ስለሆንኩ ነው የምፈርመው? ሽማግሌዎቹ ነገ ይምጡ። መኪናው ውስጥ የነበሩትም ሁሉ ይምጡ። ከዚያ በኋላ ከፈለጉ እኔንም ይሰሩኝ።»

በነጋታው የጣቢያው ግቢ ሞላ። ካፊያ እያካፋ ነው። አገር ሽማግሌዎቹ ከዛፉ ሥር ተቀመጡ፤ አያ አየነው በሁለት ፖሊሶች መሃል ቆሙ። ልክየለሽ ክላሹን ይዛ ወጣች፤ ካዝና እንደሌለውና ጎሮሮው ባዶ መሆኑን ለሁሉም አሳየች።

«ከመናገሬ በፊት» አለች «እስቲ አንዴ ያዙልኝ።»

መጀመሪያ ለአድማሴ ሰጠችው። አድማሴ በዓይኗ አላመነም፤ ማቀባበያውን ስቦ ራሱ አየ፣ ከዚያ አፈሙዙን ወደ ሰማይ አድርጎ በትከሻው አነገተው። ዝናቡ ቀዳዳው ውስጥ ይንጠባጠባል፤ ግድም አልሰጠው። ተቀብላው ለፀጋነሽ ስትዘረጋላት «ወዲያ በይልኝ!» ብላ እጇን ወደ ኋላ ደበቀች፤ ሽማግሌዎቹ በለቅሶ መሃልም ቢሆን ፈገግ አሉ።

«ሀብቱ፣ አንተ ያዝልኝማ። ጫማዬ ተፈታ።»

ሀብቱ እያቅማማ ተቀበላት። ልክየለሽ አጎንብሳ ክሯን ማሰር ጀመረች፤ አልቸኮለችም። ካፊያው ጠነከረ። ሰው ሁሉ እሷን ይጠብቃል፤ ሀብቱም እሷን ይጠብቃል። ቀና ስትል ፊቷ ላይ ምንም አልነበረም።

«ሀብቱ፣ መዳፍህ የት ነው?»

ሁሉም አዩ። የግራ መዳፉ እንደ ክዳን የጠመንጃውን አፍ ከዝናብ ሸፍኖታል። እጁን እሳት እንደነካው ሰው ሰበሰበው፤ ግን ሰው ሁሉ አይቷል።

«ጠመንጃ ነክቶ የማያውቅ እጅ ይሄን ከየት ተማረው?» አለች። «አሁን ስሙኝ። ጠመንጃው ባርቆ ቢሆን ኖሮ ወይ አፈሙዙ ይፈነዳ ነበር፣ ወይ ውታፉ ተቃጥሎ ይወጣ ነበር። የአያ አየነው ውታፍ ይኸው፤ ከኋላ በር ሥር ያገኘሁት፤ እሳት አልነካውም። ስለዚህ በእጅ ተነቅሏል። ፊልጶስ መሣሪያውን ሲያገኘው ደግሞ አፉ በፌስታል ተወትፏል፤ ፌስታሉ ግን አልተቀደደም፣ እሳትም አልነካው። ስለዚህ ከተተኮሰ በኋላ በእጅ ተወትፏል። ባርቆ ሰው የገደለ ጠመንጃ ራሱን አይወትፍም!»

«አድማሴስ?» አለ ከሽማግሌዎቹ አንዱ። «እሱም መሣሪያ ያውቃል።»

«ያውቃል፤ ወታደር ግን አይወትፍም፤ አሁን አይታችሁታል። ደግሞም እሱና ፀጋነሽ፣ አያ አየነውም፣ ተኩሱ ሲሰማ ምንጩ ዳር ጎን ለጎን ነበሩ። ከስማቸው ጋር የቀረው አንድ ሰው ነው። ፈላ ብሎ መኪና አቆመ፣ ሰውን ውሃ ቅዱ ብሎ በተነ፣ ከዚያ ያንን ውሃ ሳይጨምር ዳገቱን ወጣ። ያልፈላ ሞተር ውሃ ምን ያደርግለታል! ውታፉን ነቀለ፣ የራሱን ጥይት አጎረሰ፣ የተኛ ሰው ከጀርባው ተኮሰ። ከዚያ ግን ዝናብ ነበር። ልቡ ሰው ሲገድል እጁ የአባቱን ትምህርት አልረሳም፤ ያገኘውን ፌስታል ጠምዝዞ ወተፈው።»

«በመዳፍ ነው የምታስሩኝ?» ሀብቱ ጮኸ። «ዝናብ ስለመታኝ? ለምን እገድለዋለሁ? የእህቴን ባል!»

«ስማቸው ኬላው ላይ ምን ሊያወርድ ነበር?»

ሀብቱ ወደ ግቢው በር ተመለከተ። በዚያው መሃል በሩ ተከፍቶ ልክየለሽ ማለዳ ወደ መጋዘኑ የላከችው ሳጅን ፊልጶስና ሁለት ፖሊሶች የበቆሎ ጆንያ እየጎተቱ ገቡ። ጆንያውን ገለበጡት፤ ከበቆሎው ጋር በጨርቅ የተጠቀለሉ ክላሾች፣ ሰደፋቸው የወለቀ፣ ዱብ ዱብ አሉ። ፈቃድ የሚባል የማያውቁ ናቸው።

«መጋዘኑ ውስጥ ገና አሉ» አለ ፊልጶስ።

«ሕግ ጠብቆ በተጓዘው መሣሪያ ላይ ፈረዳችሁ» አለች ልክየለሽ ወደ ኮማንደሩ ዞራ። «ሕግ የጣሰው ግን ከጆንያው ውስጥ ሆኖ ሲስቅብን ነበር። ስማቸው ጫግኒ ላይ ደረሰበት። ሬሳው ደግሞ ለዚህ ሁሉ የኬላ ማለፊያ ሆነ።»

«ሊያሳስረኝ ነበር!» ሀብቱ ተንደረደረ፤ አድማሴ ክንዱን ያዘው። «ለእኔ ሲሆን ሕግ! ለሽማግሌው ሲሆን ‹ግቡ አባባ›! የሚስቱን ወንድም ለኬላ ሊሰጥ!»

«እኔ እኮ ባዶዬን ነበር የገባሁት» አሉ አያ አየነው።

ሀብቱን ሲወስዱት ኮማንደር ወገኔ ጉሮሮውን ጠረገ። «አያ አየነው፣ ነጻ ነዎት። ይሂዱ። መሣሪያው እስከ ፍርዱ ማስረጃ ሆኖ ይቆያል፤ ከዚያ ይመለስልዎታል።»

«አልሄድም።»

«ምን አሉ?»

«አልሄድም አልኩህ። የልጄን ለቅሶ አልደረስኩም። ሚስቱ ድንኳኑ ውስጥ ሆና እኔን እየረገመች ነው የምታለቅሰው። ብቻዬን ብሄድ አፈር ትበትንብኛለች፤ እውነት አላት። ገዳይ ያልከኝ አንተ ነህ። ድንኳኑ ፊት ቆመህ፣ ሰው ሁሉ እየሰማ፣ አይደለም ትላለህ። ከዚያ እኔ ልጄን አለቅሳለሁ።»

ኮማንደሩ ወደ ልክየለሽ አየ። ልክየለሽ ግብጦዋን ትልጥ ነበር። ሽማግሌዎቹ አንድ በአንድ ከዛፉ ሥር ተነሡና ከአያ አየነው ጀርባ ቆሙ።

«እሺ» አለ ወገኔ በመጨረሻ። «ዝናቡ ትንሽ ያባራና እንሄዳለን።»

አያ አየነው ጋቢያቸውን አጣፉ። በሩን ራሳቸው ከፈቱት።

«ስታስረኝ አባርቶ ነበር?»