ከአካፋው ስር የቀረው ገምጋሚ

የማሽን ገምጋሚው በሎደሩ አካፋ ተጨፍልቆ ሲገኝ፣ ተጫራቾቹ ከግቢው በር ውጭ መጮህ ጀምረው ነበር። የከባድ ማሽኖች ጨረታው በቴሌቪዥን በቀጥታ የሚተላለፍበት ቀን ነው፤ ሰው ሞተ ብሎ የሚቆም ጄኔሬተር ደግሞ የለም።

መርማሪዋ ከመኪናዋ ሳትወርድ የፕሮግራሙ ዳይሬክተር ደረሰባት። «ኢንስፔክተር፣ ነገሩ ግልጽ ነው። የሃይድሮሊኩ ቱቦ ፈንድቶ አካፋው ወደቀበት። ቱቦውን የቀየረው መካኒኩ ነው። እኔ አስከሬኑ አጠገብ እንኳ አልደረስኩም።»

«ሳይጠሩት አቤት፣ ሳይልኩት ወዴት» አለችው።

መካኒኩ የሟቹ ታናሽ ወንድም ነው። ፖሊሶች ካቴና ይዘው ከጎኑ ቆመዋል። መዳፎቹን ያያል እንጂ አያለቅስም።

«ጋሼን የገደልኩት እኔ ነኝ» አላት። «ቱቦውን አጥብቄ ያሰርኩት መስሎኝ ነበር።»

«ማሽን ሲቆም አካፋው መሬት መንካት የለበትም እንዴ?»

«አለበት እንጂ። ዳይሬክተሩ ለካሜራ ያምራል ብሎ ተሰቅሎ እንዲያድር አደረገ።»

አጫራቹ ላቡን እየጠረገ መጣ። «የሎደሩ ሻሲ፣ ዋናው አጥንቱ፣ ተሰብሮ የተበየደ ነው። ገምጋሚው ይህን በቀጥታ ስርጭት እናገራለሁ አለ። እኔም ዳይሬክተሩም ለመንነው፣ በጄ አላለም። አንድ ጊዜ ይቅርታ» ብሎ ሽንት ቤት ገባ። የሚያደርገውን ሁሉ የግቢው ድምፅ ማጉያ አሰማ።

«ይሄ ሰውዬ ማይኩን ማጥፋት ዘላለም ይረሳል» አለች የድምፅ ባለሙያዋ። አጫራቹ ሲመለስ ዳይሬክተሩ ወሬውን ሳያቋርጥ እጁን ወደ ወገቡ ሰዶ ማይኩን አጠፋለት። መርማሪዋ እጁን አየችው።

አካፋውን በክሬን አስነስታ ሟቹን መረመረች። ጃኬቱ ከዘይት ንጹህ ነበር። ከአካፋው ውጭ በቀረው ወገቡ ላይ የታሰረው ማይክ ማብሪያው ተዘግቷል።

«የማይኮቹን መቅጃ ለሙከራ በጠዋት ከፍቼ፣ ከዘበኛው ጋር ኬብል ልዘረጋ በር ሄጄ ነበር» አለች ባለሙያዋ። ቅጂውን አብረው ሰሙት። ከዚያ መርማሪዋ ሁሉንም ሎደሩ ፊት ሰበሰበች።

«ስርጭቱ ሊጀምር ነው!» አለ ዳይሬክተሩ፣ አንዴ ሰዓቱን አንዴ በሩን እያየ።

«ይቆያል። ጭነት ተሸክሞ የፈነዳ ቱቦ ዘይቱን እንደ ዝናብ ይረጫል፤ ሟቹ ላይ ግን ጠብታ የለም። ስለዚህ ቱቦው የተቆረጠው አካፋው ካረፈ በኋላ ነው። አካፋውን ያወረደው የሎደሩን መቆጣጠሪያ እጀታ የገፋ ሰው ነው፤ ሞተር ማስነሳት እንኳ አያሻውም። መካኒክ ቢሆን ዘይት መርጨት እንዳለበት አይረሳም ነበር።»

«እኔም አይደለሁም» አለ አጫራቹ።

«አይደለህም። ቅጂው ላይ ከአካፋው ድምፅ በኋላ ኮቴ ይሰማል፤ ቱቦ ሲቆረጥ ይሰማል፤ ከዚያ አንድ እጅ የሟቹን ጃኬት ገልጦ ማይኩን ያጠፋል። አንተ እንኳን የሰው፣ የራስህንም አታጠፋ።» ሰዎች ሳይወዱ ሳቁ። ወደ ዳይሬክተሩ ዞረች። «አስከሬኑ አጠገብ አልደረስኩም ያልከው አንተ ነህ። የሰው ሁሉ ማይክ የምታጠፋውም አንተ ነህ። ዛሬም እጅህ ልማዱን አልተወም።»

«ሎደሩ ከሌለ ፕሮግራሙ ባዶ ነው» አለ ዳይሬክተሩ ቀስ ብሎ። «ለምኜው ነበር እኮ።» ካቴናው ወደ እሱ ዞረ።

መካኒኩ ከቆመበት አልተነቃነቀም። «እኔ ያሰርኩት... አልተፈታም ማለት ነው?»

«አልተፈታም። የተቆረጠው መሀሉ ነው። ሂድና እየው።»

ሄደ። ማሰሪያውን በጣቶቹ ያዘና ባለ በሌለ ኃይሉ ሊያዞረው ሞከረ። ንቅንቅ አላለም። ያኔ ጎማው ሥር ቁጭ ብሎ ለወንድሙ አለቀሰ።