ለአምስት ሜትር ጣሪያ የተመረጠው የጭስ መሳቢያ

መርማሪዋ ጠዋት ስትደርስ ሽማግሌው በመታጠቢያ ቤቱ ወለል ላይ ፎጣ ለብሰው ተኝተዋል። ፊታቸው እንደ ሬሳ አልገረጣም፤ እንዲያውም ቀላ ብሏል። መታጠቢያ ቤቱ በቀጥታ ወደ ማድቤቱ ይከፈታል፤ የማድቤቱ ጣሪያ አምስት ሜትር ይሆናል።

ምራታቸው በሁለት ፖሊሶች መካከል ቆማለች። የአራት ወር ልጇ ጓዳ ውስጥ ያለቅሳል፤ ሄደሽ አጥቢ ያላት አንድ ሰው እንኳ የለም።

«ከሷ ሾርባ በቀር ምንም አልቀመሰም» አሉ የሟች እኅት፣ ግራጫ ሹራባቸውን እየጎተቱ። «መርዛው ነው! እሷንም አስመለሳት፤ ፀፀት ነዋ! ምን ትጠብቃላችሁ? ውሰዷት!»

«ራስሽንም ያምሻል?» አለቻት መርማሪዋ ምራቲቱን።

«ሊፈነዳ ነው።»

«ከሽማግሌው ጋር ተጣልታችሁ ነበር?»

«ከአባባ ጋር? ኧረ በስመአብ! ቤቱ የተጣላው በጭስ መሳቢያው ነው። አክስት፣ የአባባ እኅት፣ ጣሪያው ላይ የሚለጠፍ ጌጠኛ ይሁን አሉ። ጭሱ እዚያ እስኪደርስ ቤቱን አይሞላም? እኔ በረጅም ቱቦ እስከ ምድጃው አናት የሚወርድ፣ ጉልበተኛ ሞተር ያለው አልኩ። አባባ ለኔ ፈረዱልኝ።»

ባልየውም ሲጠየቅ ያው ነው። «ሦስት ሳምንት ሙሉ ከሱቅ ሱቅ አንከራተቱኝ፤ አንዱ ያጥራል፣ አንዱ ይጮኻል...»

መርማሪዋ ደብተሯን ጠረጴዛው ላይ ጣለችው። «ሰው ሞቷል! እኔ ስለ ሞት ስጠይቅ እናንተ ስለ ጭስ መሳቢያ ትተርኩልኛላችሁ!»

«እኔንም ያቃጠለኝ እሱ ነው» አሉ አክስት። «ባለሙያው እግሬ ሥር ግድግዳውን በሳው። ብርዱ ጉልበቴን ገዘገዘው። ትናንት ነው እዚችው አግዳሚ ላይ ትንሽ እፎይ ያልኩት።»

መርማሪዋ ቀና ብላ አየቻቸው። ከዚያ ተንበርክካ ቀዳዳውን መረመረች። ክፍት ነው። ቀዳዳውን የሸፈነው የብረት ወንፊት ግን ከአራት ብሎኖቹ ሁለቱ የሉትም፤ ጠርዙ ላይ ግራጫ ክር ተሰክቷል።

የገጠመው ባለሙያ ተጠራ።

«ቀዳዳውማ ግዴታ ነው፣ እመቤት። መሳቢያው ብዙ አየር ያወጣል። በምትኩ አየር ካልገባለት ካገኘበት ይስባል። ወንፊቱን በአራት ብሎን ያሰርኩት በዚህ እጄ ነው።»

ምሳ ሳይደርስ ሁሉም ማድቤት ተሰበሰቡ። መርማሪዋ መስኮቶቹን ዘጋች፤ ቀዳዳውን በፎጣ ደፍና መሳቢያውን አስነሣች። የሚጨስ ወረቀት ከመታጠቢያ ቤቱ የጋዝ ውሃ ማሞቂያ ጭስ መውጫ አጠገብ ያዘች። ጭሱ ወደ ላይ አልወጣም፤ ተመልሶ ወደ ማድቤቱ ገባ። ፎጣውን ስትነቅለው ሽቅብ ሄደ።

«ሾርባው ንጹሕ ነው» አለች። «ሽማግሌው የሞቱት ማሞቂያው ባመነጨው ሽታ የለሽ ጋዝ ነው። የቀላው ፊታቸው ይመሰክራል። ምራቲቱም ከመታጠቢያ ቤቱ በር አጠገብ ስታበስል ከዚያው አየር ስለተነፈሰች ታመመች። ማሞቂያውና መሳቢያው አብረው የሠሩት ዛሬ ጠዋት ነው። ቀዳዳው ግን ከትናንት ጀምሮ ተደፍኖ ነበር። አክስት፣ ብርዱ የለቀቀዎት ለዚያ ነው። የደፈኑበትን ሹራብ ደግሞ ለብሰውታል፤ እጅጌው ተተርትሯል።»

አክስት አግዳሚው ላይ ዝርግፍ አሉ። «ለሱ ብዬ ነው! ገላውን ታጥቦ ሲወጣ ብርድ እንዳይመታው...»

«ሲደፍኑት ለወንድምዎ ብለው ነው፤ አምናለሁ። ሞተው ካገኟቸው በኋላ ሲነቅሉትስ ለማን ብለው ነው? ይቺን የልጅ እናት ሲያስይዙስ?»

ፖሊሶቹ የምራቲቱን ክንድ ለቀቁ። ባሏ ፈጠን ብሎ እጇን ሊይዝ ተጠጋ።

«አትንካኝ» አለችው። «መርዝ ነው ሲሉ የሾርባውን ሳህን ጠቅልለህ ለፖሊስ ያስረከብከው አንተ ነህ።»

ወደሚያለቅሰው ልጅ ገባች፤ በሩንም ከውስጥ ቆለፈችው።