የተረፈችው በር

ስማኝ ወዳጄ፣ እኔ ጂን ምናምን ሲሉኝ የምስቅ ሰው ነኝ፣ መርሳ ከተማ ውስጥ የመብራት መስመር ስዘረጋ ሰው የሚፈራው ስንት ቤት ኮርኒስ ላይ ብቻዬን አምሽቻለሁ፣ ከአይጥ ሌላ ገጥሞኝ አያውቅም። ይሄን ግን ምን ልበለው?

የፕላስቲክ ቁርጥራጮችን በሙጫ ገጣጥሜ ትንንሽ መኪናና አውሮፕላን መሥራት እወዳለሁ። ያን ሰሞን ወልድያ ሰልባጅ ተራ አንድ ካርቶን አገኘሁ፣ ሥዕል የለው፣ መመሪያ የለው። እንዲህ ያለው ሲገጥምህ ምንነቱን ሳትለይ ሙጫ አታስነካም፣ አንዴ ከተጣበቀ አይላቀቅማ። አባባ ታመው የተኙበት ክፍል ምንጣፉ ላይ ዘርግቼ መለየት ያዝኩ። ጎማ የለውም፣ ክንፍም የለውም። ግድግዳ፣ ጣሪያ፣ አንድ መስኮት አለው፣ እንግዲያው ቤት ነው።

እህቴ ዘይነባ ለአባባ ሾርባ ይዛ ስትገባ ቆም አለች።

"ይሄ የኛ ቤት አይደል እንዴ?"

ልስቅባት ስል አየሁት፣ ያ አንድ ጎኑ የተሰበረ መስኮት፣ እኔው የለጠፍኩት የጣሪያ ቆርቆሮ ሳይቀር፣ ወላሂ። ያለ ሙጫ ገጣጥሜ ስሞክረው ግን አንዲት በር ተረፈች። ቤታችን ያለው አንድ በር ነው፣ እሱም ቦታውን ይዟል። ለትርፏ በር የተተወው ክፍተት የአባባ አልጋ የተጠጋበት ግድግዳ ላይ ነበር፣ እውነተኛው ግድግዳ ግን ድፍን ነው። ደነገጥኩና ኪሴ ከተትኳት።

መግሪብ አካባቢ ያ ግድግዳ ተንኳኳ፣ ቀስ ብሎ፣ እንግዳ እንደሚያንኳኳው። ወጥቼ ዞርኩት፣ ከጎረቤት ማሽላ በቀር ማንም የለም። ስመለስ አባባ ፊታቸውን ወደ ግድግዳው አዙረዋል።

"ክፈቱላቸው እንጂ፣ እንግዳ ደጅ ይቆማል?"

"አባባ፣ እዚህ ጋ እኮ በር የለም።"

"ደክሞኛል ልጄ፣ ክፈትላቸው።"

ከዚያ ወዲህ በየምሽቱ ይንኳኳል፣ እሳቸውም ይለምኑኛል። ዘይነባ ቁርኣን ስትቀራ ትንሽ ጋብ ይላል፣ ተመልሶ ይጀምራል። አንድ ቀን በሪቱን ወንዝ ልጥላት ወጥቼ ነበር፣ እጄ እምቢ አለኝ።

ትናንት አባባ እጄን ያዙኝ። "በሩ እኮ አንተ ጋ ነው" አሉኝ፣ እያለቀሱ። እመነኝ፣ ዓይናቸው ማየት ካቆመ ዓመታት አልፈዋል፣ ስለዚያች በርም አንዳችንም አልነገርናቸውም።

ይሄን ሳጫውትህ ሙጫው በአንድ እጄ፣ በሪቱ በሌላው ናት፣ ግድግዳውም እየተንኳኳ ነው። ብለጥፋት የሚያንኳኳው ገብቶ አባባን የሚወስድብኝ ይመስለኛል፣ ባልለጥፋት ደግሞ ይኸው ይለምኑኛል።

"ልጄ" ይላሉ፣ "አሁንም አልከፈትክላቸው?"