ከዝናቡ በፊት የገባው ፖስታ

ናጉሞ ቴሩሂኮ በስቱዲዮው የውጭ ደረጃ ሥር በጀርባው ተዘርግቶ ሞቶ ተገኘ። መርማሪ ኪሪሺማ ስትደርስ ልብሱ በዝናብ በስብሶ ነበር፤ አስከሬኑ ሲነሳ ግን ከሥሩ ያለው ሲሚንቶ ደረቅ ነው። ከጭንቅላቱ ሥር የተደረገው የወንበር ትራስም ከታች በኩል ደረቅ ነው።

ሟቹ ሃያ ሁለት ዓመት የአኒሜሽን ፊልም ሥራ ኃላፊ ነበር። ተመልካች ስሙን አያውቀውም። ሥዕሎቹን በፖስታ ከትቶ ከሠዓሊ ወደ አራሚ፣ ከአራሚ ወደ ዳይሬክተር እያዞረ ፊልሙን በቀኑ ለቴሌቪዥን ጣቢያ ያስረክባል። አንድም ቀን አሳልፎ አያውቅም።

«ወዲያው ነው የሞተው፣ አይደል?» አለች አራሚዋ ኦቶዋ፣ ገና ሳትጠየቅ። ከሟቹ ጋር አሥራ ዘጠኝ ዓመት ሠርታለች።

«ሐኪሙ ይነግረናል።»

ዳይሬክተሩ ሃትሱጋይ ዓይኖቹ ቀልተዋል። «የመጨረሻውን ፖስታ አራት ሰዓት ከአምስት ላይ በእጁ ሰጠኝ። ሲወጣ ወደቀ መሰለኝ። ሞት ራሱ ቢቀጥረው ቀድሞ የሚደርስ ሰው ነበር» ብሎ ሊስቅ ሞከረ።

ኪሪሺማ ፖስታውን አስመጣች። የተረከበ ሁሉ ሰዓቱን ጽፎ ማኅተሙን አኑሮበታል። መጨረሻ ላይ፣ አራት ሰዓት ተኩል፣ «ይውጣ» የሚለው ላይ የናጉሞ ቀይ ማኅተም አለ።

«ይህን ማኅተም ማን ነው የሚይዘው?»

«እሱ ብቻ። በገመድ አንገቱ ላይ ያንጠለጥለዋል» አለ የስቱዲዮው ባለቤት ኩራሚትሱ።

በአስከሬኑ አንገት ላይ ገመድ አልነበረም። ኪሪሺማ ወንበሮቹን አንድ በአንድ ስታይ ቆየችና ሦስቱን ሰዎች ሰበሰበቻቸው።

«ዝናቡ የጀመረው ለአራት አሥር ጉዳይ ነው። ሲሚንቶው ደረቅ ስለሆነ ናጉሞ የወደቀው ከዚያ በፊት ነው። አቶ ሃትሱጋይ፣ አራት ከአምስት ላይ ፖስታ ሊሰጥዎ አይችልም። ትራሱም የገባው ከዝናቡ በፊት ነው፤ ለሞተ ሰው ደግሞ ማንም ትራስ አያደርግም። ትራስ ያደረገለት ሰው በሕይወት አግኝቶታል፤ ማኅተሙንም ወስዷል። እዚህ ቤት ትራስ የጎደለው አንድ ወንበር ብቻ ነው፤ የኦቶዋ።»

ኦቶዋ ማኅተሙን ከነገመዱ ከኪሷ አውጥታ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠችው።

«ራሱ ነው አውልቆ የሰጠኝ። ‹ወገቤን ነው፣ ደህና ነኝ። አምቡላንስ ከመጣ ሥራው ይቆማል። መጀመሪያ ፖስታው ይውጣ፣ ከዚያ ትደውያለሽ› አለኝ። አርሜ ለሃትሱጋይ ሰጠሁ፣ መውደቁንም ነገርኩት። ሲጨርስ አተምኩ። ከዚያ ደወልኩ።»

«በዚያ ሁሉ ደቂቃ ወጥቶ ያየው የለም?»

«እኔ በመስኮት አየሁት» አለ ሃትሱጋይ ቀስ ብሎ። «እጁን አወዛወዘልኝ። ቶሎ በሉ ማለቱ መሰለኝ።»



«ሐኪሙ ምን አለ?» አለች ኦቶዋ።

ኪሪሺማ ልትዋሽላት ፈልጋ ነበር። «ደሙ ወደ ውስጥ ሲፈስ ነበር። የሞተው አራት ሰዓት ተኩል ግድም ነው። ቀድሞ ቢደረስለት ይተርፍ ነበር።»

ኦቶዋ፣ ሥዕል እንደገና እንድታርም እንደተሰጣት ሁሉ፣ ራሷን በእሺታ ነቀነቀች።

መርማሪዋ ማኅተሙን በፕላስቲክ ከረጢት ከታ ተነሳች። ኩራሚትሱ በር ድረስ ተከተላት።

«ይቅርታ፣ መርማሪ፤ ማኅተሙ መቼ ይመለስልናል? የሐሙሱ ክፍል አለብን።»