ወንድሜ የተኛበት ካርቶን

ስሙኝማ፣ እኔ የሳይንስ አስተማሪ ነኝ፣ መንፈስ ምናምን የሚባለው ነገር ለእኔ የልጆች ወሬ ነው፣ ክፍል ውስጥ አንዱ ተማሪ እንዲህ ያለ ነገር ሲያነሳ ብርሃንና ጥላ ዓይንን እንዴት እንደሚያታልሉ ሰሌዳው ላይ ሥዬ የማስረዳ ሰው ነኝ። ይህን አስቀድሜ የምነግራችሁ በኋላ አብዷል እንዳትሉኝ ነው።

ታላቅ ወንድሜ ሀብታሙ ከአባታችን ጋር ተጣልቶ ከቤት ከወጣ ቆይቷል፣ ስልኩ አይሠራም፣ ጎዳና ላይ አየነው የሚሉ ሰዎች አሉ፣ እናቴም ስሙ በተነሳ ቁጥር ታለቅሳለች። ስለዚህ ፍለጋውን በሥርዓት ልጀምር ብዬ ጋሽ ደምሴ ዘንድ ሄድኩ።

ጋሽ ደምሴ የጀሞን ኮንዶሚኒየሞች ቀለም ሲቀባ የኖረ ሰው ነው፣ ሥዕል ማንም አላስተማረውም፣ በተራረፈ የግድግዳ ቀለም የሚሥለውም ጎዳና የሚያድሩትን ብቻ ነው። አሠራሩን ላስረዳችሁ፤ ለሰውየው አዲስ ካርቶን ይሰጠውና የተኛበትን አሮጌውን ይቀበለዋል፣ ከዚያ እዚያው ላይ ይሥለዋል። «ሰው የተኛበት ካርቶን ግማሹ ተሥሎ ነው የሚመጣው» ይላል።

ከትምህርት ቤት ወጥቼ ቆርቆሮ ቤቱ ስደርስ ዝናብ ጀምሯል። ካርቶኖቹ ግድግዳውን ተደግፈው ቆመዋል፣ አንድ ዓይና ሽማግሌ፣ ፕላስቲክ ሰብሳቢዋ ሴትዮ፣ ከዚያ በሩ አጠገብ ባለው ካርቶን ላይ ሀብታሙ! እመኑኝ፣ የተሰነጠቀች ቅንድቡ እንኳ አልቀረችም።

«ጋሼ፣ ይሄ ልጅ የት ነው ያለው?»

«የቱ?»

«ይሄ ነዋ!»

መነጽሩን አስተካክሎ ጠጋ አለ። «አንተ አስተማሪ፣ ትቀልዳለህ እንዴ? ይሄን እኮ ገና ብሩሽ አላስነካሁትም።»

«ማን አመጣው?»

«ጠዋት አንዱ። ተሸፋፍኖ ነበር፣ ፊቱን አላየሁትም። አዲሱን እንኳ ሳይወስድ ሄደ።»

እሺ፣ የእርጥበት ምልክት ነው አልኩ ለራሴ፣ አእምሯችን ደመና ላይም ፊት ይፈልጋል፣ ይህን እኔው አስተምራለሁ። እንዲህ እያልኩ ሳለ ካርቶኑ ተንኮሻኮሸ፣ ሰው ተኝቶ ሲገላበጥ እንደሚሰማው ዓይነት፣ ቀጥሎ ረጅም ትንፋሽ ተሰማ።

«ዝናቡ ነው አይደል?» አልኩ።

«ኧረ ሲገላበጥ ነው የዋለው» አለኝ ጋሽ ደምሴ፣ ቀለሙን እያማሰለ።

እናቴ ጋ ደወልኩ። ቤታችን ቅርብ ነው፣ ሻርፗን አናቷ ላይ ጣል አድርጋ እያለከለከች ደረሰች።

«የታል? ልጄ የታል?»

ካርቶኑን አሳየኋት። አየችው፣ ከዚያ ወደ እኔ ዞራ ፊቴን በሁለት እጇ ያዘች።

«ናቲ፣ አንተ መቼ ነው ጎዳና ያደርከው?»

«እማዬ፣ ሀብታሙ እኮ ነው! ቅንድቡን እዪው!»

«በኢየሱስ ስም! የወለድኩትን ልሳሳት? አንተ ነህ!»

ጋሽ ደምሴ እኔንም እሷንም ካርቶኑንም ተራ በተራ አየ። «እህቴ፣ ባዶ ነው እኮ» አላት ቀስ ብሎ።

አያችሁ፣ ሦስታችንም ያየነው አንድ ካርቶን ነው። ይህን ሰሌዳ ላይ ሥዬ ላስረዳ ብል ከየት እንደምጀምር አላውቅም።

አሁን ሀብታሙን የምፈልገው እኔ ብቻ ነኝ። እናቴ የምትፈራው ለእኔ ነው፣ በእረፍት ሰዓት ትደውላለች፣ «አለሁ እማዬ፣ ትምህርት ቤት ነኝ» እላታለሁ፣ እሷ ግን ድምፄን አዳምጣ «የትኛው ነህ?» ትለኛለች።