የእናቴን ከተማ የሚያድሰው ሰው

ስልኩ ዛሬም ይጮኻል። «አዳሹን ፈልጌ ነበር» ይላሉ። የሚደውሉት አብዛኞቹ ጡረታ የወጡ ሰዎች ናቸው፤ ሳላቸው ይሰማኛል። «አዳሹ የለም» እላለሁ። «መቼ ይመለሳል?» ይሉኛል። መጀመሪያ ላይ ይህቺን ጥያቄ መመለስ ይከብደኝ ነበር። አሁን ለምጄዋለሁ። ዐርፏል እላለሁ፤ ነፍስ ይማር ይላሉ። ከዚያ እያፈሩ የጨዋታቸውን ስም ይነግሩኛል። እኔም እንደምንም ተነስቼ እሠራላቸዋለሁ። ሥራውን ያስተማረኝ እሱ ነው።

አንዳንድ የኮምፒውተር ጨዋታዎች ቁልፍ የለባቸውም። አንዴ ከተገዙ የገዢው ናቸው፤ ኢንተርኔት ኖረም አልኖረም፣ ማንንም ሳያስፈቅድ ይከፍታቸዋል። ችግራቸው ራሳቸውን አለማደሳቸው ነው። ሠሪዎቹ ስህተት ሲያርሙ ወይም አዲስ ነገር ሲጨምሩ፣ ማደሻውን የሆነ ሰው አውርዶ፣ ተሸክሞ አምጥቶ፣ በየተራው መጫን አለበት። በእኛ ሰፈር ኢንተርኔት ያለው ቤት ጥቂት ነበር፤ ያ ሰው እሱ ነበር። ትክክለኛ ስሙን የሚያውቅ ብዙም አልነበረም። አዳሹ ነው የሚባለው።

መጀመሪያ ያገኘሁት ደረጃ ላይ ነው። ከሥራ እየተመለስኩ ነበር። የምሠራው ሆስፒታል ልብስ ማጠቢያ ክፍል ነው፤ ቀኑን ሙሉ በእንፋሎት መሀል አንሶላ ስተኩስ ውዬ ማታ እግሬ ከጫማዬ አልወጣ ይላል። ሦስተኛ ፎቅ ላይ ስደርስ አንድ ቀጭን ሰው ቦርሳውን ጉልበቱ ላይ አድርጎ ተቀምጧል። ትንፋሹ ቁርጥ ቁርጥ ይላል።

«ታመሃል?» አልኩት።

«እኔ ደህና ነኝ። ደረጃው ነው የታመመው፤ አያልቅም።»

ለመሳቅ አቅም አልነበረኝም፤ ግን ሳቅኩ።

«ማንን ፈልገህ ነው?»

«ከንቲባዋን።»

ከንቲባዋ እናቴ ናት።

እናቴ ዕድሜዋን የጨረሰችው በአውቶቡስ ስምሪት ሥራ ነው። ዳሌዋ ተሰብሮ ቤት ከዋለች በኋላ ዓለሟ ከአልጋው እስከ ወንበሩ ሆነ። አጎቴ አዝኖላት አሮጌ ኮምፒውተሩን ሰጣት፤ ውስጡ ከተማ የሚገነባበት ጨዋታ ነበር። ኮምፒውተር ነክታ የማታውቅ ሴት በጥቂት ወራት ውስጥ ከተማ ቆረቆረች። የአውቶቡስ መስመር ዘረጋች፤ ሾፌሮቹን በስም ትጠራ ጀመር። ከተማዋ ውስጥ መንገድ ሲጨናነቅ ጩኸቷ ለጎረቤት ይደርሳል። ከንቲባዋ ያሏትም ጎረቤቶቹ ናቸው። ጨዋታው እየተንገጫገጨ ሲያስቸግራት፣ ምድር ቤት ያለው ልብስ ሰፊ «የሚያድስ ሰው አለ፤ የኔንም እሱ ነው የሚያድስልኝ» ብሎ ላከላት።

በሩን ከፍቼ አስገባሁት። እናቴ ከእግር እስከ ራሱ አየችው።

«አዳሹ አንተ ነህ? አንተ ራስህ የታደስክ አትመስልም።»

«እኔን የሚያድስ አልተገኘም፣ እማማ።»

«እማማ አትበለኝ። ገና አላረጀሁም።»

«እሺ፣ ክብርት ከንቲባ።»

እናቴ ሳቋን ለመደበቅ ወደ መስኮቱ ዞረች። እኔ ውሃ አመጣሁለት። ቀስ ብሎ ጠጣና ብርጭቆውን ሲመልስልኝ ዓይኑ እጄ ላይ ቆየ፤ ትኩስ ካውያ የላሰው ጣቴ ላይ። እኔም አልሸሸግኩትም።

ከዚያ ወዲያ መመላለስ ጀመረ። ቀን ቀን መጋዘን ውስጥ ካርቶን ይደረድራል፤ ሲወጣ በየቤቱ ዞሮ ጨዋታ ያድሳል። እኛ ጋ ሲደርስ እኔም ገና መግባቴ ነው። ሁለታችንም ደክሞን ነው የተዋወቅነው፤ ጎልማሶች እንጂ አፍላ ወጣቶችም አልነበርንም። ማደሻው ሲጫን ስክሪኑ ላይ አንዲት አረንጓዴ መስመር ቀስ እያለች ትረዝማለች። ሦስታችንም እሷን እያየን እንቀመጣለን። እናቴ ፊት የምናወራው ስለ ጨዋታው ብቻ ነው፤ «ዛሬ ምን ያርማል?» እለዋለሁ፤ «ድልድይ ላይ የሚቆሙ መኪኖችን» ይለኛል። መስመሯ ስትሞላ ደስ አይለኝም ነበር። መሄጃው ደረሰ ማለት ነው።

አንድ ቀን የካፖርቴን ዚፕ ላሠራ ልብስ ሰፊው ጋ ገባሁ።

«አዳሹ ዛሬም መጥቶ ነበር አይደል?» አለኝ።

«አዎ። ማደሻው ብዙ ነው።»

«ብዙ?» መነጽሩን ወደ አፍንጫው ጫፍ አወረደና አየኝ። «የኔ ከእናትሽ ይበልጣል። ሁሉንም በአንድ ቀን ጭኖልኝ፣ በል ቻው ብሎ ሄደ። ሲቸግርህ ደውል ነው ያለኝ።»

ካፖርቴን እዚያው ትቼ ወጣሁ። ደረጃውን ስወጣ ፊቴ ይግል ነበር።

በሚቀጥለው ጊዜ የመጣው ትልቅ ማደሻ ይዞ ነው። እናቴ ስትጠብቀው የከረመችው ነገር ነው፤ ተሳፋሪዎች ፌርማታ ላይ የሚሰለፉበት። ማደሻው ከተማዋን በሙሉ ወደ አዲስ ቅርጽ ይለውጣል፤ ረጅም ጊዜ ይወስዳል። «እስኪያልቅ እንዳይነኩት» አላት እናቴን። «ቢዘገይም ዝም ይበሉት።» ከሥራ ስገባ መስመሯ ገና መጀመሪያዋ ላይ ነበረች። በዓይኔ ጠራሁትና ደረጃው ላይ ወጣን።

«ልብስ ሰፊው ነገረኝ» አልኩት።

«ምን አለሽ?»

«ሁሉንም በአንድ ቀን መጫን ይቻላል አለኝ።»

የቦርሳውን ማንገቻ ሲያጣምም ቆየ።

«ይቻላል።»

«ታዲያ?»

«ታዲያማ ሁሉንም በአንድ ቀን ከጨረስኩ፣ በሚቀጥለው ምን ብዬ እመጣለሁ?»

ሳቅኩ። እሱም ሳቀ። አጠገብ ላጠገብ ደረጃው ላይ ተቀመጥን። ልቡ ከልጅነቱ ጀምሮ ደካማ እንደሆነ የነገረኝ ያን ጊዜ ነው። «ሐኪሙ ደረጃ ቀንስ ይለኛል። እኔ ደግሞ አራተኛ ፎቅ ላይ ሰው ወደድኩ» አለ። የሸሚዙ እጅጌ ላይ አንድ ክር ተንጠልጥላ ነበር፤ እሷን በጥሼ እጄን እዚያው ተውኩት። ለረጅም ጊዜ እንዲያ ሆነን ተቀመጥን። ከዚያ ደግሞ በማይረባ ነገር ሳቅን።

እናቴ የጮኸችው ያኔ ነው።

ስንገባ ስክሪኑ ጠቁሯል። ጠረጴዛው ሥር ጎንበስ ብሎ ኮምፒውተሩን መልሶ አስነሳው፤ ጨዋታው ተከፈተ፤ ከተማዋ ግን አልተከፈተችም። «ከተማዬስ?» አለች እናቴ። እሱ አንድ ጽሑፍ አነበበ። ቀና ብሎ እናቴን አየ። እንደገና ወደ ስክሪኑ ተመለሰ።

«ስህተቱ የኔ ነው» አለ።

ሁልጊዜ ከማደሱ በፊት የከተማዋን ቅጂ ያስቀምጥ ነበር። ያን ቀን እኔ ከሥራ ከመግባቴ በፊት ማደሻውን ለማስጀመር ቸኩሎ አላስቀመጠም። በእጁ ያለው ካለፈው ክረምት የተቀዳ አሮጌ ቅጂ ብቻ ነው።

«ስህተት አይደለም፤ ሆን ብሎ ነው» አለች እናቴ። «እየተመላለሰ ሊጠግን ነው። ሁለተኛ እግሩ እዚህ ቤት እንዳይደርስ።»

እስከ በሩ ተከተልኩት። ለመምጣት ሲል ሥራ እንደሚያንዛዛ ከራሱ አፍ የሰማሁት ገና አሁን ነው። የእናቴ ቃል ጭንቅላቴ ውስጥ ቦታ አገኘ።

«ሆን ብለህ ነው?»

ረጅም ጊዜ አየኝ። «እንደዚያ መሰለሽ?»

«የሚመስለኝን አላውቅም። ደክሞኛል።»

ቦርሳውን አነገተና ወረደ። በየፎቁ ሲያርፍ ከላይ ሆኜ ሰማሁት።

አሮጌውን ቅጂና የድሮውን ጨዋታ በፍላሽ አድርጎ ልብስ ሰፊው ጋ አስቀመጠልን። አሠራሩን በወረቀት ጽፎልን ነበር፤ እሱን እያየሁ አዲሱን አንስቼ በድሮው ተካሁት። ቁልፍ የሌለበት ጨዋታ ይህ በጎነት አለው፤ ወደ ኋላ ልመለስ ብትል የሚከለክልህ የለም። የእናቴ ከተማ ተከፈተች፤ ግን ትልቁ የአውቶቡስ መናኸሪያ የለም፤ የሆስፒታሉ ሰፈር ገና ሜዳ ነው። እናቴ አላማረረችም። ይህ ገረመኝ። ዝም ብላ ከሜዳው ጀመረች።

እሱ መምጣት አቆመ። ቤቱ ጭር አለ። እኔ ከሥራ እገባለሁ፣ እናቴን አነሳለሁ፣ አጥባታለሁ፣ አስተኛታለሁ። አንድ ቀን ልብስ ሰፊው ካፖርቴን ሲሰጠኝ፣ «መጋዘኑ ወደ ሌላ ከተማ ሊዛወር ነው። አዳሹም አብሮ ሊሄድ ዕቃውን እያሰረ ነው» አለኝ። «ይቅናው» አልኩ። ካፖርቱን ለብሼው እንኳ ይበርደኝ ነበር።

በማግስቱ እሑድ ነው፤ ከሰዓት በኋላ ልብስ እየተኮስኩ ነበር። እናቴ ጀርባዋን ሰጥታኝ መንገድ ትሠራለች።

«ሊሄድ ነው አሉ» አለች።

«ማን?»

«ማን ትለኛለች። ልብስ ሰፊው ለአንቺ ብቻ ነው እንዴ የሚያወራው?»

ማውሱን ሁለት ሦስቴ ጠቅ ጠቅ አደረገች።

«ሶኬቱን የነቀልኩት እኔ ነኝ።»

«ምን አልሽ?»

«በከዘራዬ ገመዱን ጎትቼ። ሳቃችሁ ይሰማኝ ነበር። ልጠራሽ ፈልጌ አፈርኩ። ኮምፒውተሩ ከጠፋ ትገባላችሁ ብዬ ነው እንጂ፣ ከተማዋ ትሄዳለች አላልኩም።»

ካውያውን አቆምኩት። «እሱ ያውቃል?»

«መሀል ላይ ተቋርጧል የሚል ጽሑፍ ወጣለት። ገመዱንም መሬት ላይ አየው። ሊያጋልጠኝ ነው ስል፣ ስህተቱ የኔ ነው አለ።»

«ለምን እስከዛሬ ዝም አልሽ፣ እማዬ?»

«ይዞሽ ይሄዳላ።» አሁንም አልዞረችም። «እኔን ማን ያነሳኛል? ዕድሜዬን ሙሉ ሰው ስሸኝ ነው የኖርኩት፤ አንዱም አላሳዘነኝም። አንቺን ግን አልችልም። ይኸው ነው።»

መቆጣት ነበረብኝ። ለቁጣ የተረፈኝ ጉልበት አልነበረም። ካውያውን ነቅዬ ካፖርቴን ለበስኩ።

«የት ልትሄጂ ነው?»

«ልጠራው።»

«ለኔ ብለሽ ከሆነ ተዪው።»

«ለራሴ ነው» አልኳት።

የሚኖረው ከአንድ ማተሚያ ቤት ጀርባ ባለች ጠባብ ክፍል ነው። አልጋው ላይ ተቀምጦ የኮምፒውተር ገመዶች ይጠቀልላል። ሲያየኝ አልተነሳም፤ ቦታ ብቻ ለቀቀልኝ። ተቀመጥኩ።

«እናቴ ነገረችኝ።»

«ባይናገሩም ኖሮ ምንም አልነበረም።»

«ለምን ደበቅከኝ?»

«ብነግርሽ ከእሳቸው ጋር ትጣያለሽ። እኔ እንግዳ ነኝ፤ እሄዳለሁ። እሳቸውን ነገም አንቺ ነሽ የምታነሻቸው።»

«አንተን አይደል እንዴ የተጣላሁህ?»

«እሱን ችዬዋለሁ» አለ። ገመዱን እስከ ጫፉ ጠቀለለ። ከዚያ፣ «አልቻልኩትም» አለ።

ከውጭ የማተሚያው መኪና ድምፅ ይመጣል። እጁን አየሁት፤ ካርቶን የቆራረጠው እጅ ነው።

«አብረሽኝ ትሄጃለሽ ብዬ አልጠይቅሽም» አለ። «መልስሽን አውቀዋለሁ።»

«እሷን ጥዬ መውጣት አልችልም።»

«አውቃለሁ አልኩሽ እኮ።»

«ስለዚህ አንተ ግባ።»

«የት?»

«እኛ ቤት። እኔ መውጣት ካልቻልኩ አንተ ግባ።»

መጀመሪያ የሰማኝ አልመሰለኝም። ከዚያ ፊቱን በሁለት እጁ ሸፈነ። ሲገልጠው ዓይኑ ቀልቷል፤ ከንፈሩ ግን ይስቃል።

«ደረጃውስ?»

«ቀስ እያልን እንወጣዋለን።»

አመሻሽ ላይ አብረን ወጣነው። ስንገባ እናቴ ከስክሪኑ ፊቷን አላነሳችም። «ጫማህን አውልቅ» አለችው። «ወለሉ ተወልውሏል።» ለእንግዳ እንዲያ ብላ አታውቅም። የቤት ሰው ብቻ ነው የምትቆጣው። እሱም ገብቶታል መሰለኝ፣ ጎንበስ ብሎ ማሰሪያውን ሲፈታ ብዙ ቆየ።

አብረን የኖርንባቸው ዓመታት ጥቂት ናቸው። ልቡ የቻለችውን ያህል ሄደች፤ ከዚያ አልሄደችም። ብዙ ሰው ስለ መጨረሻው ይጠይቀኛል። እኔ ደጋግሜ የማስበው ግን እሱ የገባ ሰሞን ያለችውን አንዲት ቀን ነው። ያንን ትልቅ ማደሻ እንደገና ጫነላት፤ በዚህ ጊዜ ቅጂውን አስቀምጦ። ሦስታችንም ስክሪኑ ፊት ተቀመጥን። «ማንም ከዚህ አይነሳ፤ እኔንም ጨምሮ» አለች እናቴ። መስመሯ ግማሽ ሳትደርስ እሱ ወንበሩ ላይ እንዳለ እንቅልፍ ወሰደው፤ ራሱ ወደ ትከሻዬ ዘንበል አለ። ማደሻው አለቀ። የእናቴ ከተማ ተከፈተች፤ ሰዎቿ ለመጀመሪያ ጊዜ ፌርማታው ላይ ተሰልፈው ታዩ።

ላሳየው ብዬ ልቀሰቅሰው እጄን አነሳሁ። እናቴ ግን የከተማዋን ድምፅ እስከ መጨረሻው ቀነሰችና በዓይኗ ከለከለችኝ።

«ተዪው» አለች በሹክሹክታ። «ይተኛ።»