ከቅስቱ ስር

ደምሳሽ የእድሩ ጥሩምባ ነፊ ነው። ሰው ሲሞት ጎህ ሲቀድ ይነሳል፤ ካፖርቱን ደርቦ ወደ አሮጌው የድንጋይ ድልድይ ይሄድና መሀሉ ላይ ይቆማል። ድልድዩን ማን እንደሠራው ሰፈሩ ተስማምቶ አያውቅም፤ አንዱ ጣልያን ነው ይላል፣ ሌላው ከጣልያን በፊት የነበሩ ግንበኞች ናቸው ይላል። ከመሠራቱ በፊት ወንዙ በየክረምቱ ሰው ይበላ እንደነበር ግን ሁሉም ያውቃል፤ ከተሠራም በኋላ አልተወም። ከስሩ ያለው ትልቅ ቅስት ድምፅን ተቀብሎ ወደ ሁለቱም ማዶ ስለሚመልስ፣ የላይ ሰፈርም የታች ሰፈርም ጥሪውን እኩል ይሰማል።

ባለፈው ነሐሴ ሚስቱን አስካለን ወንዝ ዳር ጎመኗን ስትቀጥፍ ደራሽ ውሃ ወሰዳት። አስከሬኗ አልተገኘም።

«ንፋላት እንጂ ደምሳሽ» አሉት የእድሩ ዳኛ አቶ ንጋቱ። «ያልተለቀሰለት ሰው መሄጃ የለውም። ልብሷን አስቀምጠንም ቢሆን እናልቅስላት።»

«ሬሳዋን አምጡልኝና እነፋለሁ።»

የስንቱን ሞት ሲለፍፍ የኖረ አፍ «አስካለ አረፈች» ማለት አቃተው። እሱ ካላለ አልሞተችም።

ጥቅምት ላይ የአንድ አናጢ ሞት ሲለፍፍ ቅስቱ ቃሉን ለመመለስ ዘገየ፤ ሰው ሰምቶ እንደሚያስበው ያህል። በኅዳር ደግሞ የሚመለሰው ድምፅ ቀጠነ፤ ከጭቃ፣ ከበሰበሰ ቅጠልና ከእርጥብ ድንጋይ ሽታ ጋር ከታች ከጨለማው ወደ ፊቱ ወጣና በመጨረሻ ሳለ። ደምሳሽ አልሳለም። ያ ደረቅ ሳል ግን በትዳራቸው ዘመን ሁሉ ከጎኑ ተኝቶ የሰማው ነበር። ምን ይደበቃል፣ ደስ አለው። ከዚያ ወዲህ ሰው ሳይሞትም በየማለዳው ድልድዩ ላይ እየቆመ ስለ ቤቱ፣ ስለ ጎመኑ ያጫውታት ጀመር።

በታኅሣሥ ጎረቤቱ እማማ በላይነሽ አረፉ። ጥሩምባውን ነፍቶ ስማቸውን ጠራ። ቅስቱ ስማቸውን አልመለሰም።

«የእኔስ?» አለ ከታች።

ድምፁ ቁጣ የለበትም፤ እንደ በረደው ሰው ይንቀጠቀጣል። ከነሐሴ ጀምሮ እዚያ ቆማ ስሟ እስኪጠራ ስትጠብቅ እንደነበር ያን ጊዜ ገባው።

«ይቅር በይኝ አስኩዬ» አለና ባለ በሌለ ትንፋሹ ነፋ። «እድርተኞች! የደምሳሽ ባለቤት፣ ወይዘሮ አስካለ አርፈዋል! ለቅሶ ድረሱ!»

ለመጀመሪያ ጊዜ እንባው ወረደ። ከታች ውሃው ውስጥ እግር ተንቀሳቀሰ።

ቀለል አለው፤ በሁለቱም ማዶ አንድም በር እንዳልተከፈተ ግን አላስተዋለም። ጥሩምባውን ብብቱ ስር ይዞ ወደ ቤቱ ሊመለስ ሲል ከቅስቱ ስር ሌላ ጥሩምባ ተነፋ፤ ቀጥሎም አስካለ፣ ጥርት ባለ ድምፅ፣ የእሱን ስም ጠራች።

በሁለቱም ማዶ በሮች ተከፈቱ። ጎረቤቶቹ ነጠላቸውን አዘቅዝቀው እያለቀሱ ወደ ድልድዩ መጡ፤ ከፊት የነበሩት አቶ ንጋቱ «ምስኪን ደምሳሽ፣ ሳይነፋላት ተከተላት» አሉ፤ ሁሉም ሳያዩት በአጠገቡ አልፈውት ወደ ቤቱ ሄዱ።